«ዐመፀ» ያለው ማን ነው?

ለዛሬ ይዤላችሁ የቀረብኩት በቀይ እስክሪብቶ ከተሰመረች አንዲት መስመር የተነሣ ትምህርት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በዜና አጻጻፍ ኮርስ መምህራችን ቢያንስ ከአምስት መቶ ዓመት በፊት የተፈጸመ አንድ ድርጊት መርጠን እንደ ዕለት ዜና እንድንጽፍ አሳይመንት ሰጡን። ርእሱ በዕጣ ነበር። ለእኔ የወጣችልኝ ብጣሽ ወረቀት «ካይሮ፣ 1094፣ የኸሊፋው ሞት» ትላለች። (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ላይብረሪ ገብቼ አንድ መጽሐፍ ብቻ አገላበጥኩና መግቢያውን እንዲህ ጻፍኩት፦

«ካይሮ፦ ኸሊፋ አል ሙስተንሲር ዐረፉ። ታናሹ ልጃቸው አል ሙስተዕሊ ዙፋኑን የተረከቡ ሲሆን ታላቁ ልጅ ኒዛር ግን ዐመፀ።»

ማን፣ ምን፣ መቼ፣ የት፤ ሁሉም አለ። ከ10 ቢያንስ 8 አገኛለሁ ብዬ ነበር። የመጣልኝ 4 ነው። «ዐመፀ» የሚለው ቃል ሥር በቀይ ተሰምሮ ዳር ላይ «ማን አለ?» ተብሎበታል። ዝቅ ብሎ ደግሞ «ታናሹን አንቱ ብለህ ታላቁን አንተ ያልከው ለምንድን ነው?» የሚል ሌላ ጥያቄ አለ። መቼም እውነቱን ልናገርና በጣም ተናደድኩ። ከዘጠኝ መቶ ዓመት በፊት ለሞተ ሰው ማን ይቀየመኛል? አልኩ። ንዴቴ ሲበርድ ግን እንደገና ለማንበብ ተቀመጥኩ። (ከዚህ በታች የዚያን ዘመን ሰዎች በሙሉ በእኩል «እሱ» እላቸዋለሁ፤ ንቀት እንዳይመስላችሁ፣ ትምህርቴን ወስጄ ነው።)

ወራሹ በምን ይታወቃል?

አል ሙስተንሲር የፋጢማውያን ኸሊፋ ነበር። ፋጢማውያን ከሺዓ እስልምና ቅርንጫፎች አንዱ የሆነው የኢስማዒላውያን መሪዎች ናቸው። በ909 በዛሬዋ ቱኒዚያ መንግሥት መሠረቱ፤ በ969 ግብፅን ይዘው ካይሮን ቆረቆሩ። ለተከታዮቻቸው ኸሊፋው ንጉሥ ብቻ ሳይሆን ኢማምም ነው፤ የሃይማኖቱን ትርጉም የሚሰጥ መሪ ማለት ነው።

ኢማም ደግሞ በምርጫ አይመጣም። የቀድሞው ኢማም ከልጆቹ አንዱን ለይቶ ይሰይመዋል፤ ይህ ስያሜ «ነስ» ይባላል። በኩር መሆን ብቻውን አይበቃም። ነገሩ ሲሰሙት ቀላል ይመስላል። ግን ስያሜው በአራት ዓይን የተደረገ ቢሆንስ? ሰያሚው ከሞተ በኋላ ምስክሩ ማን ነው? የኢስማዒላውያን ታሪክ ራሱ የሚጀምረው ከዚህ ጥያቄ ነው። በ765 ኢማም ጀዕፈር አስ ሳዲቅ ሲሞት ከተከታዮቹ አንዱ ወገን የልጁን የኢስማዒልን የዘር ሐረግ፣ ሌላው ወገን የሌላውን ልጁን የሙሳን ሐረግ ተከተለ። ስማቸውም የመጣው ከዚያው ከኢስማዒል ነው።

የሞት ዜና የማን ነው?

ፋጢማውያን የሞት ዜና ምን ያህል ኃይል እንዳለው ከእኛ በፊት ያወቁ ሰዎች ናቸው። በ946 ኸሊፋ አል ቃኢም የሞተው አቡ የዚድ ከሚባል ጠላቱ ጋር በከባድ ጦርነት ላይ እያለ ነበር። ልጁ ኢስማዒል ሞቱን ደበቀ። ሳንቲሙ በአባቱ ስም ተመታ፤ የዓርብ ስብከቱም በአባቱ ስም ቀጠለ። በ947 አቡ የዚድ ተሸንፎ ሲያዝ ነው ኢስማዒል «አል መንሱር» ተብሎ ኸሊፋነቱን በይፋ ያወጀው። እስቲ አስቡት፤ ከአንድ ዓመት በላይ ሕዝቡ የሚገበያየው በሕይወት በሌለ ሰው ስም ነበር። በ975 አል ሙዒዝ ሲሞትም ዜናው ለወራት ተይዟል።

እኛ ክፍል ውስጥ ዜና ማለት «የተፈጸመ አዲስ ነገር» ነው ብለን ተምረናል። እዚህ ጋ ግን ዜናውን ዜና ያደረገው መፈጸሙ አልነበረም፤ ማን መቼ ይናገረው የሚለው ነው።

1094፦ ያልታየው ወረቀት

ወደ ዕጣዬ ልመለስ። አል ሙስተንሲር 58 ዓመት ነግሦ በታኅሣሥ 1094 ሲሞት ሥልጣኑ የነበረው በወዚሩና በጦር አዛዡ በአል አፍደል እጅ ነው። አል አፍደል ጊዜ አላጠፋም። ታናሹንና ከራሱ ቤተሰብ ጋር በጋብቻ የተሳሰረውን ልጅ ዙፋን ላይ አስቀምጦ አል ሙስተዕሊ አሰኘው። ሃምሳ ዓመት ሊሞላው የተቃረበው ኒዛር ታለፈ።

የታሪክ ጸሐፊው አል መቅሪዚ እንደሚተርከው ኒዛርና ሁለት ወንድሞቹ ቤተ መንግሥት ተጠርተው ለታናሹ እጅ እንዲነሡ ሲታዘዙ እምቢ አሉ። ኒዛር አባቱ የጻፈለት ሰነድ እንዳለው ተናግሮ ላምጣው ብሎ ወጣ፤ ሳይመለስ ወደ አሌክሳንድሪያ ሄደ። ልብ በሉ፤ አል መቅሪዚ የሞተው በ1442 ነው። ይህን የመሰለ ትዕይንት የሚነግረን ድርጊቱ ከተፈጸመ ከሦስት መቶ ዓመት በላይ ቆይቶ የጻፈ ሰው ነው። ሰነዱን ደግሞ ያየሁት ያለ የለም።

ኒዛር አሌክሳንድሪያ ላይ «አል ሙስጠፋ ሊ ዲን አላህ» በሚል ስም ኸሊፋነቱን አወጀ። በዚያ ስም በ1095 የተመታ የወርቅ ዲናር ተገኝቷል። በዚያው ዓመት ግን ተሸንፎ ካይሮ ተወሰደና ተገደለ። «ዐመፀ» የሚለው ቃል እንግዲህ የአሸናፊው ቃል ነው። እኔ ሳላውቀው የአል አፍደል ቃል አቀባይ ሆኜ ነበር ማለት ነው።

ከመጋረጃ ጀርባ ያለችው ምስክር

ኒዛር ሞተ፤ ክርክሩ ግን አልሞተም። በሰሜን ኢራን ተራራ ላይ ያለውን የአላሙት ምሽግ በ1090 የያዘው ሐሰን ሳባሕ ኢማሙ ኒዛር ነው ብሎ ከካይሮ ተለየ። ኒዛር ከሞተ ከብዙ ዓመታት በኋላ እንኳ አላሙት ላይ የሚመታው ሳንቲም የኒዛርን ስም ይይዝ ነበር። ካይሮ ላይ «ዓመፅ» የተባለው አላሙት ላይ ሃይማኖት ነው።

ካይሮም መልስ አዘጋጀች። በ1122፣ በአል ሙስተዕሊ ልጅ በኸሊፋ አል አሚር ዘመን፣ ትልቅ ጉባኤ ተጠራ። የኒዛር የእናትና የአባቱ ልጅ የሆነች እህቱ ከመጋረጃ ጀርባ ሆና አባቷ የሰየመው አል ሙስተዕሊን ነው ብላ መሰከረች። ከዚያ ይኸው ክርክር በኸሊፋው ስም በደብዳቤ ተዘጋጅቶ ተሰራጨ። ስታነቡት ዛሬ የምናውቀውን የጋዜጣዊ መግለጫ ነገር አይመስልም? ምስክሯ የተቃዋሚው እህት በመሆኗ ቃሏ ትልቅ ክብደት አለው። ግን የምትናገረው 28 ዓመት ካለፈ በኋላ ነው፤ ያውም በኸሊፋው ቤተ መንግሥት። ዋሸች ማለቴ አይደለም። ለጋዜጠኛ ግን የተናገረችው ብቻ ሳይሆን የት ሆና እንደተናገረችም የዜናው አካል ነው።

በ1130 አል አሚርም በኒዛር ተከታዮች ተገደለ። በየመን ለነበረችው ንግሥት አርዋ ጠይብ የሚባል ልጅ እንደተወለደለት በደብዳቤ አሳውቋት ነበር። ካይሮ ላይ ግን የአጎቱ ልጅ መጀመሪያ እንደ ሞግዚት ገብቶ በ1132 አል ሐፊዝ ተብሎ ነገሠ። አርዋ ደብዳቤዋን ይዛ ከካይሮ ተለየች፤ ጠይባውያን የሚባለው ወገን ከዚህ ተነሣ። ፋጢማውያን በ1171 በሳላሕ አድ ዲን እጅ ሲያበቁ የሐፊዝ ወገን ቀስ በቀስ ከስሟል። በተሸናፊዎቹ በኒዛርና በሕፃኑ በጠይብ ስም የቆሙት ግን እስከ ዛሬ አሉ።

ታዲያ ለእኛ ምናችን ነው?

ማን ይቀየመኛል ያልኩት እኔ እዚህ ጋ አፈርኩ። የኒዛር ተከታዮች መሪ ካሪም አጋ ኻን በየካቲት 2025 ሲያርፉ ተተኪያቸው የታወቀው በኑዛዜያቸው ነው፤ ልጃቸው ረሂም 50ኛው ኢማም ሆኑ። ከጠይባውያን በኩል ደግሞ የሕንድ ቦህራዎች በ2014 መሪያቸው ሲያርፉ ተካሰሱ። ከሳሹ በ1965 በምስጢር ነስ ተሰጥቶኛል ይሉ ነበር። የቦምቤይ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ጥያቄውን ውድቅ ያደረገው በ2024 ነው። እኔ በግዴለሽነት የጻፍኳት ቃል የሚሊዮኖችን እምነት በአንድ መስመር «ዓመፅ» ብላ የምትዘጋ ነበረች።

ስለዚህ ዜናውን እንደገና ጻፍኩት፦

«ካይሮ፦ ኸሊፋ አል ሙስተንሲር ከ58 ዓመታት ንግሥና በኋላ ዐረፉ። ወዚሩ አል አፍደል የኸሊፋውን ታናሽ ልጅ አል ሙስተዕሊን በዙፋኑ ላይ ማስቀመጣቸውን አስታውቀዋል። ታላቁ ልጅ ኒዛር በበኩላቸው አባታቸው የሰየሙት እርሳቸውን እንደሆነ፣ ለዚህም የጽሑፍ ሰነድ እንዳላቸው ገልጸዋል። ሰነዱ ለሕዝብ አልቀረበም።»

«በበኩላቸው» የምትለዋን ቃል ዜና ላይ በሰማናት ቁጥር በክፍል ውስጥ እንስቅባት ነበር አይደል? አሰልቺ ናት፤ ልክ ነው። ግን ኒዛርን ከዐመፀኝነት አውጥታ ባለጉዳይ ያደረገችልኝ እሷ ናት። ውጤቴ ባይቀየርም ወረቀቱን አልጣልኩትም፤ ዶርም ውስጥ አልጋዬ ራስጌ ላይ ለጥፌዋለሁ። ዜና ስጽፍ ቀና ስል የምትታየኝ ያቺ ቀይ ጥያቄ ናት፦ ማን አለ?

ቸር ይግጠመን!