የልጆቹ ጌም እንዳይጠፋ

እህቶቼ፣ ዛሬ ስለ ኮምፒውተር ትንሽ እንማማር። እዚህ ዐይን ኻሊድ በምሠራበት ቤት ኮምፒውተሩ ተበላሽቶ ፎርማት ተደረገ። ልጁ በማይንክራፍት ሁለት ዓመት ሙሉ የገነባው ከተማ ድምጥማጡ ጠፋ። «ማነው የነካው?» ሲባል ሁሉም ዞሮ እኔን አየ።

ለምን ጠፋ? ጌሙን እንደገና መጫን ይቻላል። ልጁ የሠራው ግን ለብቻው ነው የሚቀመጠው። «ጃቫ» የሚባለው የኮምፒውተር ማይንክራፍት እዚያው ኮምፒውተሩ ውስጥ፣ በተደበቀ ፎልደር ያስቀምጠዋል። ስለዚህ ኮምፒውተሩ ለጥገና ከመሄዱ በፊት፣ ማዳምን አስፈቅዳችሁ ከልጁ ጋር እንዲህ አድርጉ፦

1. ጌሙን ዝጉ።

2. የዊንዶውስ ምልክት ያለበትን ቁልፍና «አር»ን አንድ ላይ ተጫኑ። በሚከፈተው ሳጥን የፐርሰንት ምልክት፣ ቀጥሎ ኤ-ፒ-ፒ-ዲ-ኤ-ቲ-ኤ፣ መጨረሻም ፐርሰንት ሳትለያዩ ጽፋችሁ ኢንተር በሉ።

3. በፊቱ ነጥብ ያለበትን «ማይንክራፍት» ክፈቱ። በውስጡ «ሴቭስ» የሚል ፎልደር አለ፤ የልጁ ሥራ ያለው እዚያ ነው።

4. «ሴቭስ»ን እንዳለ ኮፒ አድርጋችሁ ፍላሽ ላይ ፔስት አድርጉ። ፍላሹን ከፍታችሁ መግባቱን ሳታዩ አትንቀሉ።

ኮምፒውተሩ ተሠርቶ ሲመለስ ጌሙን ጭናችሁ አንዴ ክፈቱና ዝጉት፤ ከዚያ በፍላሹ ያለውን ወደዚያው ቦታ መልሱ።

የእኛስ ነገር? አገር ቤት የተውናቸውን ልጆች ፎቶ በአንድ ስልክ ብቻ ይዘን ስልኩ ቢጠፋ ማን ይመልስልናል? እሱንም ሁለት ቦታ አስቀምጡ። በደህና ያገናኘን።