የመጀመሪያው የትኛው ነበር?

ይህን ጽሑፍ እንዳዘጋጅ ያነሣሡኝ ነገሮች ሁለት ናቸው። አንደኛው ክርክር ሲሆን ሁለተኛው ጥፋት ነው። ከክርክሩ ልጀምርና ጥፋቱን ኋላ እናገራለሁ፤ ጥፋቱ የአያቴን ሬዲዮ የሚነካ ስለ ሆነ ቸኩዬ ለመናገር አልደፍርም።

በመጀመሪያው መንፈቀ ዓመት የሳይንስ ክበባችን ባደረገው የጥያቄና መልስ ውድድር “በትራንዚስተር የተሠራው የመጀመሪያው ኮምፒዩተር የትኛው ነው?” የሚል ጥያቄ ቀረበ። እኔ “በአሜሪካ በ1954 የተሠራው ትራዲክ ነው” ብዬ መለስሁ። ከሌላው ቡድን የነበረው ጓደኛዬ ግን “በእንግሊዝ አገር በማንቸስተር ዩኒቨርሲቲ በ1953 የተሠራው ነው” አለ። ነጥቡ ለእርሱ ተሰጠ፤ የእኛም ቡድን በዚያችው በአንዲት ነጥብ ተሸነፈ። እውነቱን ለመናገር ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። በማግሥቱ ወደ ቤተ መጻሕፍት የሄድሁት በትምህርት ፍቅር ተስቤ ሳይሆን ጓደኛዬን ለመርታት ነበር። ያገኘሁት ግን የፈለግሁትን አይደለም። በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አስታውሳለሁ።

ነገሩ ግልጽ እንዲሆን ከመሠረቱ መነሣት ያስፈልጋል። ኮምፒዩተር ማለት ውስጡን ለተመለከተው ሰው እጅግ ብዙ ማብሪያና ማጥፊያ ተያይዞ የሚሠራበት መሣሪያ ነው። አንዱ ማብሪያ ሲከፈት ሌላውን ይከፍታል ወይም ይዘጋል፤ “አለ” እና “የለም” በሚሉ ሁለት ምልክቶች ብቻ መደመርም፥ መቀነስም፥ ማወዳደርም ይቻላል። ነገር ግን ማብሪያው በሰው ጣት ሳይሆን በኤሌክትሪክ መታዘዝ አለበት፤ ደግሞም እጅግ ፈጣን መሆን አለበት። ከትራንዚስተር በፊት ይህን ሥራ ይሠራ የነበረው ቫልቭ ነው። ቫልቭ አየሩ ተመጥጦ የወጣለት የመስተዋት ብልቃጥ ሲሆን በውስጡ እንደ አምፑል ክር የሚግል ሽቦ አለው። ከጋለው አካል ኤሌክትሮኖች ይወጣሉ፤ በመካከል የተዘረጋው መረብ መሳይ ሽቦም እንደ በረኛ ሆኖ ያሳልፋቸዋል ወይም ያግዳቸዋል። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ቫልቭ ሥራ ቢኖረውም ባይኖረውም መጋል አለበት።

በ1946 ለሕዝብ የታየው ኤኒያክ የተባለው የአሜሪካ ኮምፒዩተር ወደ 18,000 የሚጠጉ ቫልቮች ነበሩት። ክብደቱ 30 ቶን ያህል ሲሆን የሚፈጀው ኃይል 150 ኪሎዋት ገደማ ነበር። እኔ በቤታችን ምጣድ ኃይል አካፍዬ ባሰላሁት ጊዜ አርባ ያህል የኤሌክትሪክ የእንጀራ ምጣድ በአንድ ክፍል ውስጥ በአንድ ጊዜ እንደ መጣድ ሆኖ አገኘሁት። ሙቀቱን ለማስወጣት ብቻ ትልቅ ማራገቢያ ያስፈልግ ነበር። ከዚህም ሁሉ በላይ፥ ከነዚያ ሺህ ቫልቮች አንዱ ሲቃጠል ሒሳቡ ይበላሻል፤ ሠራተኞቹም ሥራቸውን አቁመው የተቃጠለውን ይፈልጋሉ።

በ1947 በዲሴምበር ወር ጆን ባርዲንና ዋልተር ብራተን የተባሉት ሊቃውንት በኒው ጀርዚ በሚገኘው በቤል ላቦራቶሪ አንድ ቁራጭ ጀርማኒየም ላይ እጅግ የተቀራረቡ ሁለት የወርቅ ጫፎች አሳርፈው በአንደኛው ጫፍ የሚገባው ጥቂት ኤሌክትሪክ በሁለተኛው የሚያልፈውን ብዙ ኤሌክትሪክ እንደሚገዛ አሳዩ። የክፍሉ መሪ ዊሊያም ሾክሌይ ነበሩ፤ ሦስቱም በ1956 የፊዚክስ ኖቤል ሽልማት ተቀብለዋል። የሚግል ሽቦ የለም፤ የመስተዋት ብልቃጥ የለም፤ እስኪሞቅም መጠበቅ የለም። ትራንዚስተር የተባለው ይህ ነው።

እኔ ከዚህ በፊት ትራንዚስተር እንደ ተፈለሰፈ ቫልቭ ወዲያው የተጣለ ይመስለኝ ነበር። ነገሩ እንዲህ አልነበረም። በጫፍ የሚነካው የመጀመሪያው ዐይነት ትራንዚስተር አመለኛ ነበር። ከአንድ እጅ ወጥተው እንኳ ሁለቱ እኩል አይሠሩም፤ ዛሬ የሠራውም ነገ ይለግማል። ሾክሌይ ያሰቡት ሁለተኛው ዐይነት፥ ይኸውም ጫፍ ሳይኖረው ድርብርብ ሆኖ የሚሠራው፥ በ1951 ሲገለጥ ይበልጥ የሚታመን ሆነ፤ ሆኖም በመጀመሪያ ጊዜ ዘገምተኛ ነበር። ስለዚህ ፍጥነት የፈለገ ሰው አመለኛውን መታገሥ ነበረበት።

በማንቸስተር በቶም ኪልበርን ክፍል ይሠሩ የነበሩት ሪቻርድ ግሪምስዴልና ዳግላስ ዌብ ይህን አመለኛ ዕቃ ይዘው ተነሡ። መኪናቸው በኖቬምበር 16 ቀን 1953 ሠራ። የነበሩት ትራንዚስተሮች 92 ብቻ ሲሆኑ ኤሌክትሪክን ወደ አንድ ወገን ብቻ የሚያሳልፉ 550 ዳዮዶች ተጨምረውበታል። ቁጥሮቹ የሚቀመጡት ማግኔት በተቀባ በሚዞር ከበሮ ላይ ስለ ነበር ፈጣን አልነበረም። በ1955 ሲሰፋ ትራንዚስተሮቹ 200፥ ዳዮዶቹ 1,300 ሆኑ፤ የሚፈጀው ኃይል ግን 150 ዋት ብቻ ነበር። 150 ኪሎዋት እና 150 ዋት! ሁለቱ መኪናዎች እኩል ሥራ የሚሠሩ ባይሆኑም ልዩነቱ ሰውን ያስደንቃል።

ሆኖም ሁለት ጉድለቶች ነበሩት። አንደኛ፥ ያለ ስሕተት የሚሠራው በአማካይ ለአንድ ሰዓት ተኩል ብቻ ነበር። ሁለተኛው ደግሞ እኔን ደስ ያሰኘኝ ነው፤ እንደ ልብ ትርታ የመኪናውን ሥራ የሚመራውን ምት የሚሰጡት፥ በከበሮውም ላይ የሚጽፉትና የሚያነቡት ክፍሎች በቫልቭ የተሠሩ ነበሩ። ስለዚህ የጓደኛዬ መልስ ፍጹም አልነበረም ማለት ነው።

ደስታዬ የቆየው ስለ ትራዲክ እስካነብ ድረስ ነው። ትራዲክ በጂን ፌልከር መሪነት በቤል ላቦራቶሪ ለአሜሪካ አየር ኃይል የተሠራ ሲሆን በ1954 በጃኑዋሪ ወር ተፈጸመ። 700 ያህል ትራንዚስተሮችና ከ10,000 የሚበልጡ ዳዮዶች ነበሩት፤ የሚፈጀውም ከ100 ዋት በታች ነበር። የተፈለገው በአውሮፕላን ላይ እንዲጫን ነው፤ በአውሮፕላን ላይ ደግሞ ክብደትና ሙቀት ትልቅ ነገር ነው። በሴኮንድ አንድ ሚሊዮን ጊዜ የሚመታውን የሥራውን ምት ያን ጊዜ የነበሩት ትራንዚስተሮች በበቂ ኃይል ሊሰጡት ስላልቻሉ እርሱም ለዚሁ ነገር ቫልቭ ተጨመረበት። ወይ ጉድ! እኔም ጓደኛዬም በአንድ ጉድጓድ ወደቅን።

እንግዲህ ቫልቭ ፈጽሞ የሌለበት የቱ ነው? በእንግሊዝ አገር ሃርዌል በሚባለው ስፍራ የአቶም ምርምር ተቋም ነበረ። በዚያ ቴድ ኩክ-ያርቦሮና ጓደኞቻቸው ካዴት የተባለውን ኮምፒዩተር ሠሩ፤ በ1955 በፌብሩዋሪ ወርም መሥራት ጀመረ። ስሙ በራሱ ጨዋታ አለበት። “ትራንዚስተራዊ ኤሌክትሮኒክ ዲጂታል አውቶማቲክ ኮምፒዩተር” የሚሉት የእንግሊዝኛ ቃላት የመጀመሪያ ፊደሎች ከኋላ ወደ ፊት ሲነበቡ “ካዴት” ይሆናሉ፤ ይኸውም ዕጩ መኮንን ማለት ነው።

በዚህ መኪና ላይ ጥቂት ልቆይ፤ ከሁሉ ይልቅ የወደድሁት እርሱን ነውና። የሃርዌል ሰዎች እንደ ሌሎቹ ፍጥነት ፈልገው ቢሆን ኖሮ እነርሱም ቫልቭ መለመን ግድ ይሆንባቸው ነበር። እነርሱ ግን ፍጥነቱን ተዉትና የምቱን ቁጥር በሴኮንድ 58,000 ብቻ አደረጉት። ትራዲክ አንድ ሚሊዮን ሲመታ ካዴት 58,000! ነገር ግን በዚያ ዝግታ ትራንዚስተሮቹ የመኪናውን ሥራ ሁሉ ራሳቸው ለመሸከም ቻሉ። ከ1956 ኦገስት ጀምሮም ለተቋሙ የዘወትር የሒሳብ አገልግሎት ይሰጥ ነበር፤ ብዙ ጊዜም 80 ሰዓትና ከዚያም በላይ ሳያቋርጥ ይሠራ ነበር። 80 ሰዓት ማለት ሦስት ቀን ከስምንት ሰዓት ነው። በሒሳብ ፈተና እጅግ ፈጥኖ ጨርሶ ግማሹን የሚሳሳት ተማሪ በክፍላችን አለ፤ ስሙን አልጠራም፤ እርሱ ይህን አንቀጽ ደግሞ ቢያነበው አይጎዳውም።

እንግዲህ መልሱ በጥያቄው ላይ የተመሠረተ ሆነ። ማብሪያና ማጥፊያዎቹ ትራንዚስተር የሆኑለት ቀዳሚ መኪና ከተፈለገ የማንቸስተሩ ነው። ቫልቭ ያልገባበት ከተባለ ግን የማንቸስተሩም ትራዲክም ይወጣሉ፤ እኔ ካነበብኋቸው ካዴትን የሚቀድም አላገኘሁም። ይህን ጽፌ ለጓደኛዬ ባሳየሁት ጊዜ አንብቦ ሲጨርስ “ያም ሆነ ይህ ያንተው አይደለም” አለኝ። እውነቱን ነው።

በሌሎች አገሮችም ሥራው ተጀምሮ ነበር። በጃፓን በ1956 ኢ ቲ ኤል ማርክ ሦስት የተባለው በ130 ትራንዚስተሮች ተሠራ። በአሜሪካም በዚያው ዓመት በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ሊንከን ላቦራቶሪ ቲ ኤክስ ዜሮ የተባለው 3,600 ያህል ትራንዚስተሮች ይዞ ተነሣ።

የቪየናው ግን በሌሎቹ መካከል እንዲሁ ሊታለፍ አይገባውም። በኦስትሪያ ዋና ከተማ ሃይንዝ ዜማኔክ የተባሉ መምህር ከጥቂት ተማሪዎች ጋር ሆነው ኮምፒዩተር ለመሥራት አሰቡ። በይፋ የታዘዘ ሥራ አልነበረም፤ የተትረፈረፈ ገንዘብም አልነበረም። ፊሊፕስ የተባለው ኩባንያ ትራንዚስተር ሰጣቸው፤ ትራንዚስተሮቹ ግን ጆሯቸው ለደከመ ሰዎች ለሚሠራ የመስሚያ መሣሪያ የተዘጋጁ ስለ ነበሩ ለኮምፒዩተር ዘገምተኛ ነበሩ። እነርሱም 3,000 ያህሉን ከ5,000 ዳዮዶች ጋር አያይዘው ሠሩበት። በአሜሪካ “ዐውሎ ነፋስ” የሚል ስም የተሰጠው ታላቅ የቫልቭ ኮምፒዩተር ነበርና ዜማኔክ የእነርሱ መኪና ዐውሎ ነፋስ ሊሆን እንደማይችል ዐውቀው “ማይሉፍተርል” አሉት፤ ይኸውም የሜይ ወር ለስላሳ ነፋስ ማለት ነው። በሜይ 27 ቀን 1958 ይህ ለስላሳ ነፋስ 5,073,548,261 የተባለው ቁጥር ከ1ና ከራሱ በቀር አካፋይ የሌለው ብቸኛ ቁጥር መሆኑን በ66 ደቂቃ አረጋገጠ። እኔ በእጄ አካፍዬ ለመሞከር ጀምሬ ነበር፤ እስከ 13 ደርሼ ተውሁት። መኪናው ዛሬ በቪየና የቴክኒክ ሙዚየም ይገኛል።

ትራንዚስተር ከላቦራቶሪ ወጥቶ ወደ ገበያ የገባበት መንገድ ደግሞ በሬዲዮ በኩል ያልፋል። በ1954 ሪጀንሲ የተባለው ኩባንያ በአራት ትራንዚስተሮች የሚሠራ በእጅ የሚያዝ ሬዲዮ ለሽያጭ አቀረበ። የአይ ቢ ኤም ኩባንያ መሪ የነበሩት ታናሹ ቶማስ ዋትሰን ከዚህ ሬዲዮ ብዙ ገዝተው፥ ስለ ትራንዚስተር የሚያጉረመርም መሐንዲስ በመጣ ቁጥር አንድ ይሰጡት እንደ ነበር ይነገራል። በ1957 መጨረሻ ገደማም አዲስ በሚነደፉት መኪናዎች ቫልቭ እንዳይገባ ትእዛዝ ወጣ። በዚያው በዲሴምበር ከ3,000 የሚበልጡ ትራንዚስተሮች ያሉት 608 የተባለው የሒሳብ መኪና ለገዢዎች ተሰጠ። በ1959 የተገለጠው 1401 የተባለው ደግሞ ኋላ ከ10,000 በላይ ተሠርቷል። ካዴት ብቻውን ከሠራበት ጊዜ እስከዚህ አምስት ዓመት እንኳ አልሞላም።

አሁን ወደ ጥፋቴ እመለሳለሁ። አያቴ በወጣትነታቸው በደመወዛቸው የገዙት ባለ ሰባት ትራንዚስተር ሬዲዮ አላቸው፤ ማታ ማታ ዜና የሚሰሙት በእርሱ ነው። ባለፈው ዓመት ድምፁ እየተቆራረጠ ስላስቸገራቸው እኔ “እጠግነዋለሁ” አልሁ። በካቻቪቴ ፈታሁትና የላላ እግር ያለው ትራንዚስተር አገኘሁ። መበየጃውን አግዬ፥ በደንብ ይያዝ ብዬ፥ በእግሩ ላይ ረጅም ጊዜ አቆየሁት። ባትሪ ድንጋዩን ስመልስ ሬዲዮው ጨርሶ ዝም አለ።

ጥፋቴ ምን እንደ ሆነ የተረዳሁት ይህን ጽሑፍ ሳዘጋጅ ነው። የጥንቶቹ ትራንዚስተሮች የሚሠሩት ከጀርማኒየም ነበር፤ ጀርማኒየም ደግሞ ሙቀት አይችልም። ሙቀቱ ሲጨምር የማይፈለግ ኤሌክትሪክ ያሾልካል፤ ከ75 እስከ 85 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ካለፈ ይበላሻል። የእኔ መበየጃ ከ300 ዲግሪ በላይ ነበር። ሙቀት የሚሻለው የሲሊኮን ትራንዚስተር በ1954 ገበያ ቢወጣም የጀርማኒየምን ቦታ ጨርሶ ለመውሰድ ዓመታት ፈጅቶበታል። ከቫልቭ ሙቀት ለመሸሽ የተፈለገው ዕቃ ራሱ ሙቀትን እንደዚህ መፍራቱ ያስገርማል።

በሰፈራችን ያሉ አንድ አሮጌ ሬዲዮ ጠጋኝ ከሞተ ሬዲዮ ተመሳሳዩን ፈልገው ተኩልን። ሲበይዱ የትራንዚስተሩን እግር በፒንሳ ያዙት፤ ሙቀቱ ወደ ውስጥ ከመዝለቁ በፊት ፒንሳው እንዲጠጣው ነው። ሥራው ከግማሽ ደቂቃ አልበለጠም።

አያቴ ያን ማታ ሬዲዮውን ከፍተው ዜናውን እስኪጨርሱ አልተናገሩኝም። ኋላ “ስታነብ የከረምኸው ምንድን ነው?” ብለው ጠየቁኝ። “አባባ፥ የማንቸስተሩ ኮምፒዩተር 92 ትራንዚስተር ነበረው፤ የርስዎ ሬዲዮ 7 አለው፤ እንግዲህ እርሱ የአሥራ ሦስት ሬዲዮ ያህል ነበር” አልኋቸው። ጥቂት አሰቡና “አሥራ ሦስት ሬዲዮ ይዘው ዜና አይሰሙበትም ነበር?” አሉኝ።