ስለ ማኅበር ስምምነትና ስለ ጠብ ሥርዓት፤ ከኑዌር ሰዎች አኗኗር የተገኘ ትምህርት

በአንድ መንደር አብረው የሚኖሩ ሰዎች በብዙ ነገር ይመሳሰላሉ። አለባበሳቸው፥ አበላላቸው፥ ልቅሶአቸውና ሠርጋቸው አንድ ዓይነት ነው፤ ከዚህም ወጣ ያለ ሰው ቢገኝ ይታማል፥ ይነቀፋል። ዳሩ ግን እነዚሁ ተመሳስለው የሚኖሩት ሰዎች በወሰን፥ በውሃ፥ በከብትና በጋብቻ ምክንያት ይጣላሉ፤ አንዳንድ ጊዜም ይገዳደላሉ። ብዙ ሰው ስምምነትንና ጠብን ለየብቻ አድርጎ ያያቸዋል፤ ሰዎች ልማዳቸውን ሲጠብቁ ሰላም ይሆናል፥ ልማዳቸውን ሲተዉ ጠብ ይነሣል ብሎ ያስባል። የሕዝቦችን አኗኗር በቅርብ የመረመሩ ሊቃውንት ግን ነገሩ እንዲህ ቀላል ሆኖ አላገኙትም። ጠብ ራሱ ልማድ አለውና፤ ማን ከማን ጋራ እንደሚጣላ፥ በምን መሣሪያ እንደሚማታ፥ በማን አማላጅነት እንደሚታረቅ በማኅበሩ ዘንድ አስቀድሞ የታወቀ ነው።

ይህን የሚመረምረው ትምህርት በፈረንጆች ዘንድ ኤትኖግራፊ ይባላል፤ ይኸውም የአንድን ሕዝብ ኑሮ በመካከሉ ተቀምጦ እያዩ መጻፍ ማለት ነው። ቀድሞ የአውሮፓ ሊቃውንት በየቤታቸው ሆነው መንገደኞችና ሚሲዮናውያን የላኩትን ጽሕፈት እያነበቡ ስለ ሩቅ ሕዝብ ይጽፉ ነበር። የፖላንድ ተወላጅ የሆነው ብሮኒስላቭ ማሊኖቭስኪ ግን በ1915ና በ1918 መካከል (በዚህ ትምህርት ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው) በፓሲፊክ ውቅያኖስ ባሉት በትሮብሪያንድ ደሴቶች ድንኳኑን በመንደር መካከል ተክሎ፥ ቋንቋቸውን ተምሮ፥ የዕለት ኑሮአቸውን በዓይኑ እያየ ጻፈ። የዚህ አሠራር ጥቅሙ ግልጽ ነው። ሰው ስለ ልማዱ ሲጠየቅ ሊደረግ የሚገባውን ይናገራል፤ የሚያደርገው ግን ሌላ ሊሆን ይችላል፤ ሁለቱን አስተያይቶ ለማወቅ አብሮ መቀመጥ ያስፈልጋል።

በዚህ መንገድ ከተመረመሩት ሕዝቦች መካከል ለኢትዮጵያ ተማሪ ቅርብ የሆኑት ኑዌሮች ናቸው። የሚበዙት የሚኖሩት በዛሬው ደቡብ ሱዳን፥ በነጭ አባይና በሶባት ወንዝ ዙሪያ ባለው ሜዳና ረግረግ ነው፤ ከፊሎቹም በኢትዮጵያ ግዛት፥ በጋምቤላ ይኖራሉ። በድሮው አኗኗራቸው በክረምት ሜዳው በውሃ ስለሚዋጥ ከፍ ባለው ስፍራ በየመንደራቸው ተቀምጠው ማሽላ ይዘሩ ነበር፤ በበጋም ውሃው ሲጐድል ከብታቸውን እየነዱ ወደ ወንዝ ዳር ወርደው በአንድነት ይሰፍሩ ነበር። ከብት ለኑዌር ሀብቱም፥ ክብሩም፥ የጋብቻውም ማሰሪያ ነው። ንጉሥ ግን አልነበራቸውም፤ የሚፈርድ ዳኛ፥ ፍርዱንም የሚያስፈጽም ጭፍራ አልነበራቸውም።

ሱዳንን በእንግሊዝና በግብፅ ስም ይገዛ የነበረው መንግሥት የሚያዝዘው አለቃ ስላጣ ተቸገረ፤ ነቢያት የሚባሉትንም ሰዎች የሁከት መሪዎች አድርጎ ቈጠራቸው። በ1927 መጨረሻ አንድ እንግሊዛዊ የወረዳ ሹም በኑዌሮች እጅ ተገደለ። እስከ 1929 ድረስም መንግሥቱ ጦር አዘመተ፤ ከአውሮፕላን በሰፈርና በከብት ላይ ቦምብ ጣለ፤ ንጉንዴንግ የተባለው ነቢይ ያሠራውን ታላቅ የአፈር ጉብታ በፈንጂ መታ፤ የነቢዩም ልጅ ጉዌክ በ1929 በዚያው ጉብታ አጠገብ ተገደለ። መንግሥቱ የዚህን ሕዝብ ጠባይ የሚያጠናለት ሊቅ ወደ ኑዌር አገር የላከው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ማወቅ ከመምታት መቅደም ሲገባው እዚህ ግን ተከትሎ መጣ።

የተላከው ሰው ኤድዋርድ ኢቫንስ ፕሪቻርድ ይባላል። በ1930፥ በ1931፥ በ1935ና በ1936 እየተመላለሰ ጠቅላላው አንድ ዓመት ያህል በኑዌሮች መካከል ተቀመጠ። መጀመሪያ በሄደ ጊዜ ሕዝቡ ገና ከጦርነት ያልተላቀቀ ስለ ነበረ አላመነውም። የአንድን ሰው ስምና የትውልዱን ስም እንኳ ቢጠይቅ፥ ጥያቄን በጥያቄ እየመለሱ ያደክሙት ነበር። በሙኦት ዲት ሰፈር ከወጣቶቹ ጋራ መላመድ ከጀመረ በኋላ ደግሞ፥ አንድ ቀን ፀሐይ ስትወጣ የመንግሥት ጦር ሰፈሩን ከብቦ ሁለት ነቢያትን ፈለገ፤ ሰዎችንም መያዣ አድርጎ ወሰደ። እርሱም በሕዝቡ ፊት የማን ወገን እንደ ሆነ የማይታወቅ ሰው ሆነና ጥቂት ቈይቶ ከአገሩ ወጣ። በሁለተኛው ጉዞው ቋንቋቸውን አጥብቆ ተማረ፤ ጐብኚዎችም ትንባሆውን ለማጤስ ቀኑን ሙሉ ከድንኳኑ አይለዩም ነበር። ቀድሞ በአዛንዴ ሰዎች ዘንድ ሲሠራ እንደ ጌታ ቈጥረው ከማኅበራቸው ውጭ አስቀምጠውት ነበር፤ ኑዌሮች ግን እንደ እኩያ ቈጥረው ከመካከላቸው አገቡት። በ1940 «ኑዌር» የተባለውን መጽሐፍ አሳተመ። በዚያው ዘመን በሱዳንና በኢትዮጵያ ጠረፍ የአኙዋክ ወታደሮችን እየመራ የኢጣልያን ጦር መውጋቱንም ማወቅ ለኢትዮጵያ ልጅ ደስ የሚያሰኝ ነው።

በጥያቄ ያጣውን ነገር ያገኘው ቃላቸውን በማዳመጥ ነው። ኑዌሮች ቺዬንግ የሚሉት ቃል አለ፤ ቤት ወይም አገር ማለት ነው። ይህ ቃል አንድ ጊዜ የአንድን ሰው ጎጆ፥ አንድ ጊዜ መንደሩን፥ አንድ ጊዜም ነገዱን በሙሉ ያመለክታል፤ ትርጓሜው በተናጋሪው ስፍራና በሰሚው ማንነት ይለወጣል። ካርቱም የሄደ የጎጃም ሰው አገርህ ወዴት ነው ቢሉት ኢትዮጵያ ይላል፤ አዲስ አበባ ሆኖ ቢጠየቅ ጎጃም፥ ደብረ ማርቆስም ሲደርስ የአጥቢያውን ስም ይናገራል፤ በሦስቱም አልዋሸም። ከዚህ ቃል ኢቫንስ ፕሪቻርድ የኑዌርን ማኅበር አሠራር አስተዋለ።

መምህሩ የሚከተለውን በጥቁር ሰሌዳ ላይ እንደ ዛፍ ቅርንጫፍ አድርጎ ቢሥለው ተማሪዎች ቶሎ ይረዱታል። ሎው የተባለው የኑዌር ነገድ ጉንና ሞር በተባሉ ሁለት ታላላቅ ክፍሎች ይከፈላል፤ ጉንም ደግሞ ሩምጆክና ጋትባል ተብሎ ይከፈላል። ሩምጆክና ጋትባል እርስ በርሳቸው ይጣላሉ። ሞር ከአንዳቸው ጋራ ቢጣላ ግን የቀድሞ ጠባቸውን ትተው ጉን ሆነው ይሰለፋሉ። የጂካኝ ነገድ ቢመጣ ደግሞ ጉንና ሞር አንድ ሆነው ሎው ይባላሉ። እንግዲህ የትናንት ጠላት የዛሬ ወገን የሚሆነው በከዳተኛነት አይደለም፤ ልማዱ እንዲህ ያዝዛልና። ከወንድሙ ጐን ያልቆመ ሰው የሚነቀፈውን ያህል፥ በትልቁ ጠብ ጊዜ የትንሹን ጠብ ያልተወም ይነቀፋል። መስማማትና ጠብ ከአንድ ሥር የሚበቅሉ መሆናቸው በዚህ ይታያል።

ለዚህ ኑሮ የሚዘጋጀውም ከልጅነት ጀምሮ ነው። ወንዶች ልጆች የተበደሉትን በድብድብ እንዲመልሱ ይበረታታሉ። በድሮው ልማድ ዕድሜአቸው ዐሥራ አራት ወይም ዐሥራ ስድስት ዓመት ሲሆን ግንባራቸው ከጆሮ እስከ ጆሮ በስድስት መሥመር ይበጣ ነበር፤ ይህም ጋር ይባላል። ይህን የተቀበለ ወጣት ከዚያ ቀን ጀምሮ ላም ማለብ አይፈቀድለትም። ነገሩ ትንሽ ይመስላል፤ ነገር ግን ጐልማሳው ወተት ለማግኘት ሴቶችና ልጆች እንዲያስፈልጉት ስለሚያደርግ፥ ማንም ኰርቶ ብቻውን ሊኖር አይችልም።

ጠብ በተነሣ ጊዜ የሚጠበቀው ሥርዓት እንዲህ ነው። የአንድ መንደር ሰዎች ሲጣሉ በዱላ እንጂ በጦር አይማቱም፤ ጐረቤት ጐረቤቱን ገድሎ መንደሩ በደም እንዳይከፈል ነው። የልዩ ልዩ መንደር ሰዎች ሲጣሉ ግን ጦር ይነሣል፤ የየመንደሩም ወንዶች ሁሉ ይገባሉ።

ሰው የተገደለ እንደ ሆነ ገዳዩ የነብር ለምድ ወደሚለብሰው፥ ኩዋር ሙዎን ማለት የምድር አለቃ ወደሚባለው ሰው ቤት ይሸሻል። አለቃውም ክንዱን በስቶ ደም ያፈስሰዋል፤ ይህ ሳይሆን ገዳዩ እህልና ውሃ አይቀምስም። የሟች ዘመዶች ከደጅ ሆነው ይጠብቁታል፤ ከቤቱ ቢወጣ ይወጉታል፤ በአለቃው ቤት ሳለ ግን አይነኩትም። የልቅሶው ጊዜ ካለፈና ቍጣው ከበረደ በኋላ አለቃው ስለ ደም ካሣ ይነጋገራል፤ ካሣውም በዚያ ዘመን 40 ወይም 50 ከብት ያህል ነበረ፥ የሚከፈለውም ቀስ በቀስ በብዙ ዓመት ነበር።

እዚህ ላይ በዓይን አይቶ የመጻፍ ጥቅም ይገለጣል። የሟች ወገኖች ከብቱን እንቢ ይላሉ። በደብዳቤ ብቻ የሰማ ሰው እነዚህ ሰዎች ዕርቅ አይወድዱም ብሎ ይጽፍ ነበር። እንቢታው ግን ራሱ የሥርዓቱ ክፍል ነው፤ ወንድሙን በከብት የሸጠ እንዳይባል ክብር የሚፈልግ ሰው መጀመሪያ እንቢ ሊል ይገባዋል። አለቃው እርግማን አወርዳለሁ እስከ ማለት ሲደርስ፥ ለእርሱ ክብር ብለን ተቀበልን ይላሉ። ጭፍራ የሌለው አለቃ የሚሠራው ሥራ ይህ ነው፤ ሁለቱም ወገን የሚሹትን ዕርቅ ሳያፍሩ የሚቀበሉበትን በር ይከፍታል። በኢትዮጵያም ቢሆን ሽማግሌ በመጣ ጊዜ ተበዳዩ ወዲያው እሺ ቢል ነውር ይሆንበታል፤ ሽማግሌዎቹም ይህን ስለሚያውቁ የመጀመሪያውን እንቢታ እንደ መጨረሻ ቃል አይቈጥሩትም።

ወደ ዕርቅ የሚገፋ ሌላም ነገር አለ። ደመኞች የሆኑ ወገኖች ከአንድ ዕቃ አብረው መብላትና መጠጣት አይችሉም፤ በሦስተኛ ሰው ቤት የነበረ ዕቃ እንኳ ቢሆን ክልክል ነው፥ ብርቱ በሽታ ያመጣል ብለው ይፈራሉና። ባለደም በቅርብ ያለበት ሰው እንግዲህ በሠርግም፥ በልቅሶም፥ በበጋውም ሰፈር መቸገሩ አይቀርም። ደግሞም ኑዌር ከገዛ ወገኑ አያገባም፤ ስለዚህ የሚስቱና የእናቱ ዘመዶች በሌላው ወገን ውስጥ ይገኛሉ። የደቡብ አፍሪካው ተወላጅ ማክስ ግለክማን በ1955 እንዳስረዳው፥ እንዲህ በሁለት ወገን የታሰሩት ሰዎች ጠቡ እየገፋ በሄደ ቍጥር ስለሚጨነቁ ዕርቁን የሚያፋጥኑት እነርሱ ናቸው። የተከፈለውም ከብት በሟች ስም ሚስት ይገባበታል፤ የምትወልዳቸውም ልጆች የሟች ልጆች ይባላሉ።

ይህ ሁሉ ግን የሚሠራው ለቅርብ ሰዎች ነው። በአንድ መንደር የፈሰሰ ደም ፈጥኖ ይታረቃል፤ በሩቅ ክፍሎች መካከል የሆነው ለብዙ ዘመን ሳይከፈል ይቀራል፤ በነገድና በነገድ መካከል ካሣ የሚባል ነገር የለም።

የኢቫንስ ፕሪቻርድ መጽሐፍ ጉድለት የለበትም አይባልም። የሙኦት ዲትን ማለዳ በመቅድሙ ጠቅሶ ካለፈ በኋላ፥ የማኅበሩን አሠራር ሲገልጽ መንግሥት በአጠገቡ እንደሌለ አድርጎ ጻፈው። ዘመኑ የሚለውጠውን ነገር ያሳየችው ከ1980 ወዲህ በኑዌሮች መካከል የሠራችው አሜሪካዊቱ ሻሮን ሃቺንሰን ናት፤ መጽሐፍዋም በ1996 ታትሟል። በጦር የገደለ ሰው የማን ደም በእጁ እንዳለ ያውቃል፤ በጠመንጃ ብዙ ሰው ተኵሶ አንዱ ሲወድቅ ግን የማን ጥይት እንደ ገደለው አይታወቅም። በ1983 በተጀመረው የሱዳን የእርስ በርስ ጦርነት ደግሞ የጦር አለቆች በመንግሥት ጦርነት የተገደለ ሰው ደም ገዳዩን አያረክሰውም፥ ሥርዓትም አያስፈልገውም እያሉ ወታደሮቻቸውን አስተማሩ። ጠቡ ቀረ፤ ጠቡን የሚይዘው ልጓም ግን ላላ። ከ1991 በኋላ ኑዌር ኑዌርን ሲገድል የነብር ለምድ የሚለብሰው ሰው ብዙ ሊያደርግ ያልቻለው ስለዚህ ነው።

በገጠር ትምህርት ቤት ያለ ተማሪ ይህን አሠራር በመንደሩ ሊለማመደው ይችላል። አስቀድሞ ያለቀና የታረቀ አንድ ትንሽ ጠብ ይምረጥ፤ ስለ አጥርም ቢሆን፥ ስለ ጠፋ ጥጃም ቢሆን ይበቃል፤ ደም የፈሰሰበትን ግን አይንካ። ስለ ምን ተጣላችሁ ብሎ አይጀምር፤ ይህን የሚመልስለት ሁሉ ለራሱ ይፈርዳልና። ማን ሽማግሌ ሆኖ እንደ ሄደ፥ ስንት ጊዜ እንደ ተመላለሰ፥ ማን በማን ቤት እህል ሳይቀምስ እንደ ቈየ፥ መጀመሪያ አብረው የበሉትም በምን ቀን እንደ ሆነ ይጠይቅ። የሰማውን በደብተሩ በግራ ገጽ፥ በዓይኑ ያየውንም በቀኝ ገጽ ይጻፍ፤ ሁለቱ ሳይገጥሙ ሲቀሩ አንዱን አይሠርዝ፥ እንዳሉ ይተዋቸው። የሰዎቹን ስም ግን በምንም ምክንያት አይጻፍ፤ በስማቸው ፈንታ የፊደል ምልክት ያድርግ፥ ደብተሩንም ለመምህሩ እንጂ ለሌላ አያሳይ።