ማንነታችንን ከማን እንቀበላለን?



በደሴም ሆነ በኮምቦልቻ ቡና ሲፈላ ጎረቤት ተጠራርቶ ከአቦል እስከ በረካ መጨዋወቱ ነባር ልማዳችን ነው። ዛሬ ግን በረከቦቱ ዙሪያ ተቀምጠን ዓይናችን በእጅ ስልካችን ላይ የሚያርፍበት ጊዜ በዝቷል። ስለሆነም ማኅበራዊ ሚዲያ ስለ ራሳችን ያለንን አስተሳሰብና እርስ በርስ ያለንን ግንኙነት እንዴት እንደሚለውጥ እንመለከታለን።

በፌስቡክ ወይም በቲክቶክ የምናወጣው ፎቶግራፍ እንዲታይልን የመረጥነው ገጽታ ብቻ ነው። ራሱን በ«ላይክ» ብዛት የሚመዝን ወጣት፣ ቁጥሩ ባነሰ ጊዜ እርሱም ያነሰ ይመስለዋል። የሰው ክብር ግን በእግዚአብሔር መልክ ከመፈጠሩ የሚመነጭ ነው (ዘፍ. 1፡27)፤ በተመልካች ብዛት አይጨምርም፣ አይቀንስምም።

ሁለተኛው አደጋ መለያየት ነው። ነፍሰ ኄር ር.ሊ.ጳ. ፍራንቸስኮስ በ2019 እ.ኤ.አ. ለዓለም የማኅበራዊ መገናኛ ቀን ባስተላለፉት መልእክት፣ በእነዚህ መድረኮች ላይ ማንነት ብዙ ጊዜ የሚገነባው ከሌላው በሚለየን ነገር ላይ መሆኑን አስገንዝበዋል። በወሎ ክርስቲያንና ሙስሊም በጋብቻ ተዛምደው፣ በሠርግና በለቅሶ ተጠራርተው የሚኖሩ ናቸው። የማያውቀው ሰው የጻፈውን የጥላቻ ቃል ተቀብሎ የሚያሠራጭ ሰው የገዛ አክስቱን ወይም አጎቱን ሊያቆስል ይችላል።

ይህን ስንል መሣሪያውን መንቀፋችን አይደለም። በጥቅምት 2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲደርስ የስልክ ግንኙነት ተቋርጦ፣ በአዲስ አበባና በውጭ አገር የሚኖሩ ቤተሰቦች የወገኖቻቸውን ደኅንነት ሳያውቁ በጭንቀት ሰንብተዋል። «ደኅና ነን» የምትል አንዲት አጭር መልእክት ምን ያህል ዋጋ እንዳላት ያን ጊዜ ተምረናል። በእነዚያ ቀናት ያለንን የተካፈልነው ግን በአጠገባችን ከነበረው ጎረቤት ጋር ነበር። እንግዲህ ስልኩ የራቀውን ሲያቀርብልን መልካም አገልጋይ ነው፤ የቀረበውን ሲያርቅብን ግን ጌታ ሆኖብናል።

ቅዱስ ጳውሎስ የአንድ አካል ብልቶች ስለሆንን ሐሰትን ትተን እውነትን እንድንነጋገር ያሳስበናል (ኤፌ. 4፡25)። ስለዚህ አንድ ነገር ከማሠራጨታችን በፊት እውነት መሆኑን እናረጋግጥ፤ ሰውየው በፊታችን ቢቀመጥ የማንናገረውንም አንጻፍ።

ለመወያያ፦
1. በዚህ ሳምንት በስልክ ያየነው ነገር ስለ ራሳችን ምን እንድናስብ አደረገን?
2. በማኅበራዊ ሚዲያ በተጻፈ ቃል የተቀየምነው ወይም ያስቀየምነው ሰው አለን? ሄደን ለመታረቅ ምን ይከለክለናል?
3. በቤታችን ስልክ የማይነካበትን ሰዓት፣ ለምሳሌ የማዕድና የጸሎት ጊዜን፣ እንዴት እንወስን?