ስለ አሎንዞ ስታግ፥ የኳስ መምህር

አሞስ አሎንዞ ስታግ በፈረንጆች አቈጣጠር በ1862 ዓ.ም. በሰሜን አሜሪካ፥ ኒው ጀርሲ በምትባል ግዛት፥ ዌስት ኦሬንጅ በተባለች ከተማ ተወለደ። ከዚህ በታች የተጻፉትም ዓመታት ኹሉ በዚሁ አቈጣጠር ናቸው። አባቱ ጫማ ሰፊ ነበረ፤ ቤታቸውም ብዙ ልጆች ያሉበት የድኻ ቤት ነበረ። ልጁ ግን ትምህርት ስለ ወደደ፥ እየሠራና ከሚበላው እየቈጠበ ተማረ፤ ዬል ወደሚባለውም ታላቅ ዩኒቨርሲቲ በ1884 ዓ.ም. ገባ። አሳቡ ሰባኪ ለመኾን ነበረ።

በዬል ሳለ በሁለት ጨዋታ ስሙ ተጠራ። አንደኛው ቤዝቦል ነው። በዚህ ጨዋታ ኳስ ወርዋሪ ነበረና፥ በደመወዝ የሚጫወቱ ማኅበሮች ብዙ ገንዘብ እንስጥህ ብለው ለመኑት። እርሱ ግን ጨዋታ ለገንዘብ ሲኾን ይበላሻል ብሎ ያምን ስለ ነበረ እንቢ አላቸው። ኪሱ ባዶ ለኾነ ለጫማ ሰፊ ልጅ፥ እንዲህ ያለውን ገንዘብ መመለስ ቀላል ነገር አይደለም።

ሁለተኛው አሜሪካውያን ፉትቦል የሚሉት ነው። ይህም በሌላው ዓለም ከሚታወቀው የእግር ኳስ የተለየ ነው። ኳሱ ክብ ሳይኾን እንደ ዕንቍላል ሞላላ ነው፤ ተጫዋቹ በእጁ ይዞት ይሮጣል፥ ተቃራኒውም ይዞ ከመሬት ይጥለዋል። ጕልበትና ድፍረት የሚጠይቅ፥ አጥንትም የሚሰብር ጨዋታ ነው። በ1889 ዓ.ም. በአገሩ ካሉት የኮሌጅ ተጫዋቾች የዐሥራ አንዱ ምርጦች ስም ለመጀመሪያ ጊዜ ሲጻፍ፥ ስታግ ከእነርሱ አንዱ ኾነ።

ከዚህ በኋላ የነገረ መለኮትን ትምህርት ሲከታተል አንድ መራራ ነገር ተረዳ። በሰው ፊት ቆሞ ሲናገር አንደበቱ አይታዘዝለትም ነበር። ብዙ ሰው እንዲህ ባለ ጊዜ፥ ወይ ባልተሰጠው ሥራ በግድ ይገባል፥ ወይ ተስፋ ቈርጦ ይቀመጣል። ስታግ ግን ከመድረክ ላይ ሊነግራቸው ያልቻለውን ለወጣቶች በሜዳ ላይ ላስተምር ብሎ፥ በ1890 ዓ.ም. በስፕሪንግፊልድ ወዳለው የወጣት ወንዶች ክርስቲያናዊ ማኅበር ትምህርት ቤት ሄደ። ጄምስ ኔይስሚዝ በ1891 ዓ.ም. የቅርጫት ኳስን የፈጠረው በዚሁ ትምህርት ቤት ነው። በዓመቱም በሕዝብ ፊት መጀመሪያ በተደረገው ግጥሚያ ተማሪዎቹ መምህራኑን 5 ለ1 ሲያሸንፉ፥ ያችን አንዲቱን ለመምህራኑ ያገባ ስታግ ነበረ።

በ1892 ዓ.ም. አዲስ የተከፈተው የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ጠራው። ፕሬዚዳንቱ ዊልያም ሃርፐር በዬል አስተምሮት ነበርና ጠባዩን ያውቃል። ስለዚህ እንደ ቅጥር አጫዋች ሳይኾን፥ ከመምህራኑ ጋር የሚቈጠር ሹመት ሰጠው። በመጀመሪያው ዓመት ተጫዋች ስላነሰ፥ አሠልጣኙ ራሱ ከተማሪዎቹ ጋር ተሰልፎ ይጫወት ነበር። እንደዚህ ኾኖ የተጀመረው ሥራ 41 የጨዋታ ዘመን ቈየ።

ስታግ ትንባሆና መጠጥ አይወድም ነበር፤ ሲቈጣም አይሳደብም። ተጫዋቹ ሲያጠፋ ከአፉ የሚወጣው ትልቁ ስድብ «አህያ» የሚል ነበረ፤ ጥፋቱ ሲበዛ «ሁለት ጊዜ አህያ» ይለዋል። ዐዲስ ነገርንም ይፈጥር ነበር፤ ተጫዋቾች መጣልን የሚለማመዱበትን አሻንጕሊት አስቀድሞ ከፍራሽ የሠራው እርሱ ነው ይባላል። በ1905 ዓ.ም. ተማሪዎቹ ለ56 ግጥሚያ ያልተሸነፈውን የሚሺጋንን ዩኒቨርሲቲ 2 ለ0 አሸነፉ። በዚያው ዓመት ብዙ ወጣቶች በዚህ ጨዋታ ስለ ሞቱና ስለ ቈሰሉ ሕጉ እንዲሻሻል ጩኸት ተነሣ፤ ስታግም ሕጉን በሚያወጣው ጉባኤ ውስጥ ነበረ። በ1906 ዓ.ም. ኳሱን ወደ ፊት መወርወር ተፈቀደና፥ ጨዋታው ከመገፋፋት ብቻ ወደ ብልሃት ዘወር አለ።

ነገር ግን ሰውየው ያለ ነውር አልነበረም። ሚሺጋንን ባሸነፈው ቡድን ውስጥ ኤከርሶል የሚባል ድንቅ ተጫዋች ነበረ። ይህ ወጣት በሜዳ ሲመሰገን በትምህርቱ ወደ ኋላ ቀረ፤ ዲግሪም ሳይቀበል ከዩኒቨርሲቲው ወጣ። ለገንዘብ መጫወትን የጠላው መምህር፥ የድል ፍቅርም እንደ ገንዘብ ልጅን እንደሚጐዳ በራሱ ቤት ሊያየው በተገባ ነበር።

በ1932 ዓ.ም. ስታግ 70 ዓመት ሞላው፤ በዩኒቨርሲቲውም ሕግ መሠረት ከአሠልጣኝነት ተሰናበት ተባለ። ሌላ የክብር ሥራ ቢሰጡትም አልተቀበለም። በስሙ ከሚጠራው ሜዳ፥ ዕድሜውን ካሳለፈበት ከተማ ወጥቶ፥ ስቶክተን በምትባል የካሊፎርንያ ከተማ ወደሚገኝ ትንሽ ኮሌጅ ሄደ። ቺካጎ ግን ከ1939 ዓ.ም. በኋላ ያንን ታላቅ ጨዋታ ተወው፤ በ1942 ዓ.ም. በታኅሣሥ ወር፥ ከባዶው ሜዳ መቀመጫ በታች ባለ ክፍል፥ ኤንሪኮ ፌርሚና ጓደኞቹ የአቶምን ኀይል ለመጀመሪያ ጊዜ በሰው ቍጥጥር እንዲሠራ አደረጉ። እንዲህ ያለ ነገር ከዚያ ቦታ ይወጣል ብሎ ማን ያስብ ነበር!

ስታግ በስቶክተን 14 ዘመን አሠለጠነ። በ1943 ዓ.ም. በጦርነቱ ምክንያት የባሕር ኀይል ሠልጣኞች ወደ ኮሌጁ ስለ መጡ ብርቱ ተጫዋቾች አገኘ፤ የሙያ ጓደኞቹም የዓመቱ ምርጥ አሠልጣኝ ብለው ሰየሙት። ያን ጊዜ 81 ዓመቱ ነበረ። ቺካጎ ካሰናበተችው ዐሥራ አንድ ዓመት ኾኖት ነበር።

ባለቤቱ ስቴላ ከ1894 ዓ.ም. ጀምራ ከእርሱ አልተለየችም። የተቃራኒዎቹን ጨዋታ እየሄደች ትመለከትለት፥ ያየችውንም ትጽፍለት ነበር። ከ1947 ዓ.ም. ጀምሮ ስታግ በፔንሲልቫንያ በሳስኰሃና ዩኒቨርሲቲ አሠልጣኝ የነበረውን ልጁን ያግዝ ነበር። ስቴላ ስትደክምና መንገድ ሲከብዳት ግን፥ ያንን ትቶ ከእርሷ ጋር በስቶክተን ተቀመጠ። ሥራውን ግን ፈጽሞ አልተወም፤ በከተማይቱ ባለ ኮሌጅ ተማሪዎች ኳስ እንዴት በእግር እንደሚመታ ያሳያቸው ነበር። ከዚህ ሥራ ያረፈው በ1960 ዓ.ም. በ98 ዓመቱ ነው። ስቴላ በ1964 ዓ.ም. ሞተች፤ እርሱም በሚከተለው ዓመት መጋቢት 17 ቀን በ102 ዓመቱ በዚያችው ከተማ ዐረፈ።