ጥርኙ ውኃና ሚዛኑ፦ ስለ በላዔ ሰብእ ታሪክ አተራረክ

በየዓመቱ የካቲት 16 ቀን የኪዳነ ምሕረት በዓል ሲከበር የበላዔ ሰብእ ታሪክ ይነገራል። በዚህ በዴንቨርና በአውሮራ ያደጉ ልጆቻችን ታሪኩን በሰሙ ቁጥር አንድ ጥያቄ ያነሣሉ። የ78 ሰው ነፍስ ያጠፋ ሰው በጥርኝ ውኃ እንዴት ይድናል? ይላሉ። ጥያቄው የድፍረት አይደለም። እኛ ወላጆች ግን «እንዲህ አይባልም» ብለን እናልፈዋለን። ልጁም ዝም ይላል፤ ዝምታው የማመን ይሁን የመተው ሳናጣራ ዓመቱ ያልፋል። ስለዚህ የትረካ ጥናት የሚባለውን ትምህርት በጥቂቱ ይዘን ይህንኑ ተአምር ደግመን ልንመለከተው ወደድን።

ታሪክ እንዴት እንደሚነገር መመርመር የቆየ ትምህርት ነው። አሪስቶትል አንድ ድርሰት መጀመሪያ፥ መካከልና መጨረሻ ሊኖረው እንደሚገባ ጽፎአል። ባለፈው መቶ ዓመት ደግሞ ሩሲያዊው ቭላዲሚር ፕሮፕ እ.ኤ.አ. በ1928 ባሳተመው መጽሐፍ የአገሩን ተረቶች መርምሮ በ31 የድርጊት ዓይነቶች ከፋፈላቸው። በቡልጋሪያ ተወልዶ በፈረንሳይ ይጽፍ የነበረው ስቬታን ቶዶሮቭ እ.ኤ.አ. በ1969 ለጥናቱ ስም አወጣለት፤ ከሦስት ዓመት በኋላም ዤራር ዤኔት በትረካ ውስጥ ጊዜ እንዴት እንደሚሠራ የሚያስረዳውን ሰፊ ጽሑፍ አሳተመ። የፕሮፕን ቁጥር ለተረት ተመራማሪዎች እንተውላቸውና ከዤኔት አንድ ነገር ብቻ እንውሰድ።

ይኸውም ድርጊቱ የፈጀው ጊዜና ተራኪው ለድርጊቱ የሰጠው ስፍራ እኩል አለመሆናቸው ነው። ተራኪ ዐሥር ዓመቱን በአንድ ዐረፍተ ነገር ያልፈዋል፤ የአንዲቱን ደቂቃ ነገር ግን ቃል በቃል ያቆየዋል፤ ሲያሻውም ጨርሶ ይዘላል። የሚፈጥንበትንና የሚዘገይበትን ስፍራ ያስተዋለ ሰው የተራኪው ልብ የት እንዳለ ያውቃል። ይህ ለሊቃውንቶቻችን እንግዳ አይደለም። የአንድምታ መጻሕፍትን የተመለከተ ሁሉ «ሐተታ» እና «ታሪክ» የሚሉትን መለያዎች ያውቃቸዋል። መምህሩ ታሪክ የሚያመጣው ምሥጢሩ በሚጠይቅበት ስፍራ ነው እንጂ በየቃሉ ላይ አይደለም። ፈረንጆቹ ስም ቢያወጡለትም ልማዱ ከጉባኤ ቤት አልጠፋም ነበር።

እንግዲህ ወደ ተአምሩ እንመለስ። የ78ቱን ሰዎች አሟሟት ታሪኩ አንድ በአንድ አይተርክም፤ በቁጥር ጠቅልሎ ያልፋል። የታመመውና የተጠማው ድኻ ዘንድ ሲደርስ ግን ትረካው እርምጃውን ይገታል። ድኻው ይለምናል፤ በላዔ ሰብእ ይከለክለዋል። ድኻው ተስፋ ሳይቆርጥ ደግሞ ይለምናል፤ ደግሞም ይከለከላል። በእመቤታችን ስም ሲለምነው ግን ሰውየው ይደነግጣል፤ ያ ስም በልጅነቱ የሰማው ስም ነበርና። ከዚህ በኋላ ጥርኝ ውኃ ይሰጠዋል። የብዙ ዘመን ግፍ በጥቂት ቃል ሲታለፍ የአንድ ጉንጭ ውኃ ነገር ይህን ያህል መዘርዘሩ በከንቱ አይደለም። ታሪኩ የሚፈልገው የክፋቱን ብዛት ለማስቈጠር ሳይሆን ሰው ሁሉ ሞቷል ያለው ልብ ውስጥ አንድ ስም እንዴት ተርፎ እንደቆየ ለማሳየት ነው።

ልጆቻችን በትምህርት ቤት ታሪክን በተራራ አምሳል እየሣሉ ይማራሉ። ይህ ጀርመናዊው ጉስታቭ ፍራይታግ እ.ኤ.አ. በ1863 ስለ ተውኔት ከጻፈው የመጣ ነው፤ ለዐምስት ገቢር ተውኔት የታሰበ በመሆኑ ለሁሉም ታሪክ አይመችም። ልጁ በዚህ ልማድ የተአምሩን ጫፍ ፍለጋ ቢወጣ ከግድያው ላይ ወይም ከውኃው ላይ ይቆማል። ለእኛ እንደሚመስለን ጫፉ ሚዛኑ ነው።

በሚዛኑ ላይ የሚሆነውን እናስተውል። በአንዱ ወገን 78ቱ ነፍሳት፥ በሌላው ወገን ጥርኙ ውኃ ይቀመጣል። ውኃው ብቻውን አልመዘነም፤ የእመቤታችን ጥላ ሲያርፍበት ነው ሚዛኑ የደፋው። እንግዲህ ልጁ «ጥርኝ ውኃ 78 ነፍስ እንዴት ይመዝናል?» ብሎ ሲጠይቅ ታሪኩ ራሱ «አይመዝንም» ብሎ ይመልስለታል። የልጁ ጥያቄ ከውጭ የመጣ ተቃውሞ አይደለም፤ በተአምሩ ውስጥ ሚዛን ሆኖ ተቀምጦአል። ያዳነው የውኃው ክብደት ሳይሆን ኪዳኑ ነው። በላዔ ሰብእ በዘጌ በዑራ ኪዳነ ምሕረት ግድግዳ ላይ ተሥሎ ይገኛል፤ ሠዓሊዎቻችንም ይህን ታሪክ ሲሥሉ ሚዛኑን መተው አይወዱም።

እኛ ግን በስደት አገር ታሪኩን አሳጥረነዋል። ሰንበት ጠዋት ኢንተርስቴት 225 ላይ እየነዳን፥ ሌሊት ሠርተን የደከመን ስንሆን ደግሞ ከዚያም ባነሰ፥ «ሰው የሚበላ ነበር፤ ውኃ ሰጠና ዳነ» እንላለን። እንዲህ ሲባል የተዘለለው ልመናውና ሚዛኑ ነው፤ የቀረው ግድያውና ውኃው ብቻ ነው። ይህን የሰማ ልጅ ፍርዱ ተዛባ ቢል ምን ይደንቃል? ኃጢአትን ያቀልላል የሚለውም ነቀፋ የሚነሣው አብዛኛውን ጊዜ ከዚሁ ከአጭሩ አነጋገር ነው።

አንድ ነገር እንጨምር። ተአምረ ማርያም በዐፄ ዳዊት ዘመን ከዐረብኛ ወደ ግእዝ ተመልሶ፥ በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ (እ.ኤ.አ. ከ1434 እስከ 1468) በቤተ ክርስቲያን እንዲነበብ ሥርዓት ተሠራለት። በብራናዎቹ በየተአምሩ መግቢያ ወይም መጨረሻ ባለው ምርቃት ውስጥ የመጽሐፉ ባለቤት ስም ይገባል። የትረካ ተመራማሪዎች ሰሚው በጽሑፉ ውስጥ የት አለ ብለው ይጠይቃሉ፤ እዚህ ሰሚው በስሙ ተጠርቶ ይገኛል። መጽሐፉ ወደ ሌላ ሰው ሲያልፍ የፊተኛው ስም ይፋቅና የኋለኛው ይጻፋል፤ የፍቀቱ ምልክትም በብዙ ብራናዎች ላይ ይታያል። የሰንበት ትምህርት መምህራን በመጪው የካቲት 16 ተአምሩን ሳያሳጥሩ ቢያነቡና ከሚዛኑ በፊት ጥቂት ቆም ቢሉ፥ ልጆቹ ጥያቄያቸውን በቦታው ያነሡታል። በምርቃቱም የእያንዳንዱን ልጅ የክርስትና ስም ይጥሩ።