ሎሚን በቅርንጫፍ ስለ ማጽደቅ

በቅርንጫፍ የጸደቀ ሎሚ ከዘር ከበቀለው ብዙ ዓመት ቀድሞ ያፈራል፤ ፍሬውም ከእናት ዛፉ ፍሬ አይለይም። በንግድ ቋንቋ ብንናገር፣ ናሙናውና ዕቃው አንድ ነው ማለት ነው። ነገር ግን የእናቲቱ በሽታም አብሮ ይወረሳል። ስለዚህ ቅጠሉ በቢጫ የተዥጎረጎረ ወይም ቅርንጫፉ ከጫፍ የሚደርቅ ዛፍ በነጻ ቢሰጡም አይወሰድም።

አሠራሩም እንደሚከተለው ነው፤

1ኛ/ የእርሳስ ውፍረትና 15 ሳንቲሜትር ያህል ርዝመት ያለው፣ አበባም ፍሬም ያልያዘ ቅርንጫፍ በንጹሕ ስለት ከዐይኑ ሥር ይቈረጥ።

2ኛ/ ከጫፉ 2 ወይም 3 ቅጠል ቀርቶ ሌላው ይርገፍ።

3ኛ/ በታጠበ አሸዋና በበሰለ ብስባሽ ድብልቅ ውስጥ እስከ እኩሌታው ይተከል።

4ኛ/ ውሃ ጠጥቶ ብርሃን በሚያሳልፍ ላስቲክ ይሸፈንና በጥላ ይቀመጥ። አፈሩ ይርጠብ እንጂ አይጨቅይ።

ሥሩ አብዛኛውን ጊዜ ከ6 እስከ 8 ሳምንት ውስጥ ይወጣል፤ ይህን ለማየት ብሎ መንቀል ግን ማጥፋት ነው። በመጨረሻው ሲተከልም ውሃ የሚተኛበት ቦታ አይመረጥ፤ ሥሩ ይበሰብሳልና።

ትርንጎም በዚሁ መንገድ በቀላሉ ይጸድቃል። ብርቱካንና መንደሪን ግን ሥር ለማውጣት ስለሚያስቸግሩ በጠንካራ ግንድ ላይ የተዳቀለ ችግኝ መግዛት ይሻላል። ችግኝ ገዝቶ የሚሸጥ ነጋዴም እናቲቱን ሳያይ ዋጋ አይቍረጥ።